በቂ ምክንያት

ደባርቅ
ጥቅምት 18 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለውድ አባቴ ለአቶ ሰጠኝ፤

እርስዎም እማዬም ልጄ ሊድያም በጤና እንዳላችሁ ካሚል ነግሮኛልና ከሁሉ በፊት ስለዚያ አምላኬን አመስግኛለሁ። የጃናሞራ ስልክ ከተቋረጠ ወዲህ ካሚል ከሚነግደው ጨርቅ ይልቅ የሚሸከመው የሰው ደብዳቤ በልጧል። «በቅሎዬን ፖስታ ቤት አደረጋችኋት» እያለ ያሾፍብኛል።

አባዬ፣ «ምን አጥፍተሽ ነው ከሥራ ያወጡሽ? ሰው ፊት አንገቴን ሳልደፋ እንድሄድ እውነቱን ንገሪኝ» ብለው ጽፈውልኛል። እውነቱን ልንገርዎት፤ ምንም አላጠፋሁም። አልሰረቅሁም፣ ጉቦ አልበላሁም፣ ከአለቃዬም ጋር ክፉ ቃል አልተነጋገርኩም። ጥፋት ከተባለ ጥፋቴ ጂኦግራፊ መማሬ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። በመሬት አስተዳደር ባለሙያነት ስቀጠር የሥራው ማስታወቂያ «ጂኦግራፊ ወይም ተዛማጅ የትምህርት መስክ» ይል ነበር። ተወዳድሬ፣ ተፈትኜ አልፌ ገባሁ። ከዚያ በኋላ የገበሬውን ማሳ ስለካ፣ ድንበር የተጋፉትን ሳስማማ፣ የይዞታ ደብተር ሳድል ዓመታት አለፉ። ዘንድሮ አዲስ መመሪያ ወጣ። ለዚያ የሥራ መደብ የሚፈለገውን ትምህርት ሲዘረዝር ጂኦግራፊን ከውስጡ አወጣው። ሠራተኛው እንደገና ሲመደብ እኔና ዘመነ «የትምህርት ዝግጅታችሁ ከመደቡ ጋር አይዛመድም» ተብለን ወጣን። ዘመነን ያውቁታል፤ አምና ለሥራ መጥቶ እናንተ ቤት ያደረው፣ እማዬ «ይህ ልጅ ዘመድ የለውም እንዴ» ብላ ያዘነችለት ረጅሙ የወሎ ልጅ ነው። ያው ሰዎች ነን፣ ያው ዲግሪ ነው፤ ማታ ባለሙያ ሆነን ተኝተን ጠዋት ያልተማርን ሆነን ተነሣን።

ስለዚህ ሁለታችን ፍርድ ቤት አቤት ብለናል። የምንለው አንድ ነገር ብቻ ነው። መመሪያው ከእንግዲህ ለሚቀጠረው ይሥራ፤ በሕግ ተወዳድሮ የገባውን ሰው ግን ወደ ኋላ ተመልሶ አያስወጣ። ፍርድ ቤቱ ይህን ይመርምርና ወደ ሥራችን ይመልሰን።

ሊድያን ለጥቂት ጊዜ ብዬ ነበር ያመጣሁልዎት። አባቷ እንደሆነ ከሄደ ወዲህ ድምፁም የለም። ያለ ደመወዝ ደባርቅ ላይ ልጅ ማሳደግ አልቻልኩም፤ የተከራየሁትንም ቤት ለቅቄ ካሚል ቤት ከባለቤቱ ከኡሙሰልማ ጋር ተጠግቻለሁ። ሥራዬን ባገኘሁ ማግስት መጥቼ እወስዳታለሁ። ካላገኘሁ ምን እንደምሆን አላውቅም። አባዬ፣ እፈራለሁ።

ልጅዎ የትናየት


ጃናሞራ
የኅዳር ሚካኤል ማግስት

ይድረስ ለልጄ ለየትናየት፤

ያለሽበትን ቤት የሰላም አምላክ ይጠብቀው፤ ያስጠጉሽንም ሰዎች እግዜር ይስጥልኝ። እኛን ከውርጩና ከእርጅናው በቀር የነካን የለም። ገብሱ ታጭዶ ክምር ላይ ነን። እናትሽን ጉልበቷን ያማታል፤ አፏን ግን አላመማትም። ሊድያ ጥጃ ስታባርር ወድቃ ግንባሯን ተላልጣ ነበር፣ ድኗል። «እማዬ መቼ ነው የምትመጣው» ስትለኝ «መሬቱን ለክታ ስትጨርስ ነዋ» አልኳት። «መሬት እኮ ብዙ ነው» ብላ አለቀሰችብኝ።

የጻፍሽውን ለቄስ ሃብተ ጊዮርጊስ አነበብኩላቸው። ሁለታችንም ያልገባን ነገር አለ። ትምህርት አንድ ጊዜ ከገባ በኋላ ከሰው ሆድ ተመልሶ ይወጣል እንዴ? ዳዊት የደገመ ሰው የደብሩ አለቃ በተለወጠ ቁጥር ዳዊት አልደገምክም አይባልም። በዚህ በዚህስ እውነቱ ካንቺ ጋር ነው።

ነገር ግን ልጄ፣ መንግሥትን መክሰስ ምን የሚሉት ነው? ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ ሲባል ሰምተን ነው ያደግነው። ክስ ደግሞ ያሸነፈውም የተሸነፈውም ቂም ይዞ የሚወጣበት ነገር ነው። ብታሸንፊ እንኳ በማግስቱ የምትሠሪው ከዚያው ሰውዬ እጅ ሥር አይደለም ወይ? የደም ባላጋራ ያስታረቅሁ ሰውዬ የገዛ ልጄን ነገር ለዳኛ ጥዬ እጄን አጣጥፌ ብቀመጥ ምኑን ሽማግሌ ሆንኩት?

ስለዚህ መክረናል። ቄስ ሃብተ ጊዮርጊስ፣ ጎረቤታችን የሺዋስና አንድ የደባርቅ ሽማግሌ ሆነው ወደ አለቃሽ ይሄዳሉ። እኔ አባት ነኝና አልገባበትም፤ ደንቡ ነው። ሰውየው የዳባት ሰው ነው አሉ፤ ወገኖቹን እናውቃቸዋለን። እሱ እሺ ካለ ወዳንቺ ይመጣሉ። እሺ እስክትያቸው ድረስ ቤትሽ ገብተው እንዳይቀመጡ፣ እህል ውሃም እንዳይቀምሱ ነግሬያቸዋለሁ። ፊታቸውን እንዳትመልሺው። የነሱ ፊት የኔ ፊት ነው።

አባትሽ ሰጠኝ


ደባርቅ
ታኅሣሥ 9 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለውድ አባቴ፤

ቄስ ሃብተ ጊዮርጊስን ጉንፋኑ ተሻላቸው ወይ? መንገዱስ እንዴት አድርጎ አደረሳቸው? እዚህ ሳሉ ይስሉ ስለነበር ሳስባቸው ሰነበትኩ።

«እንዴት አድርገሽ ተቀበልሻቸው? ምንስ አልሽ? ሳታስቀሪ ጻፊልኝ» ብለዋል። እነሱ ሳይነግሩዎት ቀርተው አይደለም፤ ከኔ አፍ መስማት አምሮዎት ነው። አውቅዎታለሁ።

የመጡ ዕለት ኡሙሰልማ ለክርስቲያን ሽማግሌ፣ ያውም በጾም፣ ምን እንደሚቀርብ ጨንቋት ጎረቤት ለጎረቤት ስትዞር ዋለች። በመጨረሻ ሽምብራ ቆላች፣ ለስላሳም አስመጣች። ሽማግሌዎቹ ግን ከደጃፉ ንቅንቅ አላሉም። «አባቶቼ ተቀመጡ» ብላቸው «እሺ ሳትይን አንቀመጥም» አሉ። ቄሱ መቋሚያቸውን ተደግፈው ሲስሉ እኔ ከውስጥ ቆሜ አያቸዋለሁ። አለቃዬ የእግዚአብሔርን ስም ጠርቶ ምሏል አሉኝ። «መዝገቡን ታዘጋ። ክስ እያለብኝ እጄ ታስሯል። ከዘጋችው በሚቀጥለው ምደባ ትምህርቷ ይዛመዳል ብዬ እመልሳታለሁ» ብሏል።

«ለዘመነስ?» ብዬ ጠየቅኋቸው። እርስ በርስ ተያዩ። የሺዋስ «ለሱ ሽማግሌ የላከ የለም» አለኝ።

እሺ አልኩ፣ አባዬ። ተቀምጠው ሽምብራውን በሉ፣ መርቀውኝም ሄዱ። በማግስቱ ፍርድ ቤት ሄጄ አቤቱታዬን አንሥቻለሁ አልኩ። ዳኛዋ «በራስሽ ፈቃድ ነው?» አሉኝ፤ «አዎ» አልኩ። ዘመነ አልተቀየመኝም። ፋይሉን በብብቱ ይዞ ብቻውን ወደ ችሎቱ ሲገባ «አንቺ አባት አለሽ» ብቻ አለኝ። እኔ እሱን ባየሁ ቁጥር አፍራለሁ፤ እሱ ግን ሻይ ይጋብዘኛል።

ምደባው ከጥምቀት በኋላ ነው ተብሏል። ለሊድያ «እናትሽ መሬቱን ልትጨርስ ነው» ይበሉልኝ።

ልጅዎ የትናየት


ጃናሞራ
ጥምቀት አልፎ፣ በአስተርእዮ ማርያም ሰሞን

ልጄ የትናየት፤

አገሩን ሁሉ አኩርተሽኛል። የሺዋስ ያንቺን እሺታ በየሄደበት ያወራል፤ «የተማረ ልጅ እንዲህ ነው፣ ሽማግሌ ያከብራል» ይላል። እኔም ሰው ሲያመሰግንሽ የማልሰማ መስዬ ቀረብ እላለሁ። እናትሽ ለሊድያ መንገድ የምትለብሰው ቀሚስ አሰፍታላታለች። ልጅቱም አላወልቅም ብላ ለብሳው ታድራለች።

አንድ ነገር ግን ከንክኖኛል። ካሚል ትናንት ጨርቁን ሲያራግፍ «የልጄ ነገር እንዴት ሆነ? ገባች?» ስለው ዓይኑን ሰበረብኝ። ስለ በቅሎው ኮቴ ያወራልኝ ጀመር። ካሚልን አውቀዋለሁ፤ ደግ ወሬ ሲኖረው ከአፋፍ ላይ ሆኖ ነው የሚጮኸው። ምደባው ዘገየ እንዴ? ወይስ አሞሻል? ቢከፋም ቢለማም ጻፊልኝ። የማላውቀው ነገር ከማውቀው ይልቅ ይበላኛል።

አባትሽ ሰጠኝ


ደባርቅ
የካቲት 21 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለውድ አባቴ፤

መዘግየቴን ይቅር ይበሉኝ። ብዕር አነሣለሁ፣ «ደኅና ነኝ» እላለሁ፣ ከዚያ ወዲያ ያለው ውሸት ይሆንብኛል። ስለዚህ ተውኩት። ካሚልንም ዝም በል ብዬ ያስማልኩት እኔ ነኝ። አሁን ግን ምግብም አልበላ ብሎኛልና ልንገርዎት።

አለቃዬ ለገና ሰሞን ወደ ሌላ ቦታ ተዛውሯል። ስልኩን አያነሣም። በምትኩ የመጣው ሰው ተቀብሎ አነጋገረኝ፤ ክፉ ሰው አይደለም። የሽማግሌዎቹን ነገር ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻው ሰማኝና «እህቴ፣ መመሪያ በሽማግሌ አይሻርም። እሱም ቢሆን ቃል ሊገባ ሥልጣን አልነበረውም፤ የትምህርት መስፈርት የግል ንብረቱ አይደለም» አለኝ። አባዬ፣ ያቃጠለኝ ልክ መሆኑ ነው። ጠላት ቢሆን እሰድበው ነበር።

የቀረውንም ልንገርዎት። ለዘመነ ፈረዱለት። ፍርድ ቤቱ መመሪያው ወደ ኋላ ተመልሶ አይሠራም፣ ሲቀጠር የነበረውን መስፈርት እስካሟላ ድረስ በአዲሱ ሊወጣ አይገባም አለ። እኔ ያልኩትን ነው፤ ማመልከቻውን ያረቀቅሁትም እኔ ነበርኩ። ዘመነ ሰኞ ዕለት ሥራ ገባ። «የሱ ፍርድ ለኔም አይሆንም ወይ?» ብዬ ጠየቅሁ። አይሆንም፤ ፍርዱ ለተከራከረው ሰው ነው፤ አንቺ ክርክርሽን ትተሻል አሉኝ። አዲስ አቤቱታ እንዳላስገባ ደግሞ የተሰጠው ጊዜ አልፏል።

ዘመነ ሽማግሌ የሚልክለት ዘመድ ስላልነበረው አሸነፈ። ይህን ሐሳብ ከራሴ ላይ ላወርደው አልቻልኩም። እርስዎን ለመውቀስ አይደለም፤ ለማን እንደምነግረው አጥቼ ነው።

ፍርድ ቤቱ በር ላይ ጃንጥላ ዘርግቶ ማመልከቻ የሚጽፍ ሰው አለ። ጊዜው ያለፈበት አቤቱታ የሚታየው በቂ ምክንያት ሲኖር ነው አለኝ። «ታመሽ ነበር?» አለኝ፤ አልታመምኩም። «ታስረሽ ነበር?» አልታሰርኩም። «መንገድ ተዘግቶብሽ ነበር?» እዚሁ ነበርኩ። «እንግዲያ አንድ ቀርቷል» አለና ነገረኝ። እሱን ግን አልጽፍልዎትም፤ አላደርገውምም።

ቀን ቀን የኡሙሰልማ ሱቅ ተቀምጬ ጨርቅ እለካለሁ። ባለፈው ማሳውን የለካሁለት ገበሬ ገብቶ አየኝና ለልጁ ሸሚዝ መግዛት እንደመጣ ረስቶ ወጣ። ለኔ አፍሮልኝ ነው። አባዬ፣ ተስፋ ቆርጫለሁ። ሌሊት ሌሊት ሊድያ ስሜን ረስታ አያለሁ። ቀሚሱን እባካችሁ አስወልቋት።

ልጅዎ የትናየት


ጃናሞራ
በሁዳዴ፣ ከደብረ ዘይት በፊት

ልጄ ሆይ፤

ካሚልን አትቆጪው። እኔ ነኝ ጨምቄ ያወጣሁበት። «ጃንጥላ የዘረጋው ሰውዬ የነገራት ምንድን ነው?» ስለው «ማልኩ» አለኝ። «እንግዲያ ጨርቅህን ይዘህ ከደጄ ውጣ» አልኩት። ይህን ያህል ዘመን ደጄ ላይ አራግፎ አያውቅም እንዴ? አልቅሶ ነገረኝ። «አባቴ አስገድዶኝ ነው መዝገቡን ያዘጋሁት» ብለሽ ብትምዪ ዳኛዋ ጉዳይሽን እንደገና ሊያዩት ይችላሉ አለኝ። ይኸው ነው? በዚህ ነው አፍሽን የዘጋሽው?

በዪዋ። አስገደደኝ በዪ።

ስንት ቀን ሳስበው ሰነበትኩ። ሽማግሌ ሰድጄ፣ «እሺ ሳትላችሁ እህል ውሃ አትቅመሱ» ብዬ፣ ሳል የያዛቸውን ቄስ ብርድ ላይ አቁሜብሽ፣ ማስገደድ ካልሆነ ስሙ ምንድን ነው? በኛ ደንብ ልመና ይባላል። እምቢ ማለት የማይቻልበት ልመና ምን ዓይነት ልመና ነው? ይህ ሐሳብ እንቅልፍ ነስቶኛል።

በዳኛ ከሄደችው በቅሎዬ ያለ ዳኛ የሄደችው ጭብጦዬ ይባላል። አንቺን ያለ ዳኛ ያስቀማሁሽ እኔ ነኝ። በዳኛ ብትሸነፊ ኖሮ እንዲህ ባልተንገበገብኩ። ስሜ እንዳይጠፋ ብለሽ ከሆነ ስሜ ምን ይሠራልኛል? ሽማግሌነት በጋቢ የሚለበስ ክብር ነው፣ ይወልቃል። ያንቺ ሥራ ግን የሊድያ ጉሮሮ ነው። ኃጢአት ከሆነም በኔ ይሁን፤ ለነፍስ አባቴ እናዘዛለሁ። ሁዳዴም ስለሆነ ስግደቱን እዚያው ላይ እጨምረዋለሁ።

እናትሽ «ይህንንም ጻፍልኝ» ትላለች፤ «እሱ ድሮም አስገዳጅ ነው፤ ብትምዪ ውሸት አይሆንብሽም» ብላለች። ጻፍኩት እንግዲህ።

ሳትውዪ ሳታድሪ ማመልከቻውን አስገቢ። እሺ በዪኝ፤ እሺ ማለትሽንም ጽፈሽ ላኪልኝ።

አባትሽ ሰጠኝ


ደባርቅ
ሚያዝያ 7 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለውድ አባቴ፤

በሰሙነ ሕማማት ሐዘን ላይ ሐዘን ስለጨመርኩብዎት ይቅር ይበሉኝ።

ባለፈው ደብዳቤዬ እሺ ብዬዎት ነበር፤ ማመልከቻውንም «ምክንያቴን ቀርቤ በመሐላ አስረዳለሁ» ብዬ አስገባሁ። ቀጠሮው ሰኞ ሚያዝያ 6 መሆኑንም የጻፍኩልዎት ለዚያ ነው። እርስዎም «በርቺ፣ ከኋላሽ ነኝ» ብለው መለሱልኝ። ደብዳቤዎን ደረቴ ውስጥ ይዤ ነበር የገባሁት። ልለው የመጣሁትን ግን አላልኩትም።

መጽሐፍ ቅዱሱ ላይ እጄን አኖርኩ። ዳኛዋ ያው መዝገቡን የዘጉልኝ ሴት ናቸው። አስታወሱኝ። ከፍ ባለ ድምፅ «አቤቱታሽን ያነሣሽው በአባትሽ በአቶ ሰጠኝ አስገዳጅነት ነው?» አሉኝ። ከኋላዬ አግዳሚው ላይ የኛ አገር ሰዎች ተቀምጠዋል፤ ለሌላ ጉዳይ የመጡ፣ እርስዎ ያስታረቋቸው፣ ስምዎን ሲሰሙ ቀና ያሉ። ስለ እነሱ ብቻ ቢሆን ግን እልልዎት ነበር አባዬ። ጨክኜ ነበር የመጣሁት።

እጄ መጽሐፉ ላይ ሳለ ያቺ የሽማግሌዎቹ ቀን መጣችብኝ። ቄሱ ደጃፍ ቆመው ሲስሉ እኔ ምን እንደተሰማኝ ለማንም ነግሬ አላውቅም። ደስ ነው ያለኝ። ክሱ ሰልችቶኝ ነበር። ቀጠሮ መጠበቁ፣ የሥራ ባልደረቦቼ መንገድ ላይ ሲያዩኝ መታጠፋቸው፣ ዳኛ ፊት መቆሙ ሰልችቶኝ ነበር። አንድ ሰው መጥቶ «ተይው» እንዲለኝ ስመኝ እርስዎ ሽማግሌ ላኩልኝ። እሺ ያልኩት ከልቤ ነው። በማግስቱም ከስንት ጊዜ በኋላ እንደ ሰው በልቼ ነበር። አሳስተውኝ ይሆናል፤ አላስገደዱኝም። የራሴን ድካም በእርስዎ ስም ልምልበት አልቻልኩም።

«አላስገደደኝም» አልኩ። ዳኛዋም «አስበሽ መልሺ። በእርግጥ አላስገደዱሽም?» አሉኝ። ሊረዱኝ ፈልገው እንደነበር ከዓይናቸው ያስታውቃል። «አላስገደደኝም» ብዬ ደገምኩላቸው። «በቂ ምክንያት አልቀረበም» ብለው መዝገቡን ዘጉት። ዘመነ ከሥራ አስፈቅዶ መጥቶ ነበር፤ እስከ ሱቁ ድረስ ሸኘኝ።

አሁን የቀረኝ መንገድ አንድ ነው። አንዲት ሴት ወደ አረብ አገር የምትልክ አለች። ፓስፖርት እስካወጣ ጎንደር እቆያለሁ። እዚያ የሰው ቤት ለማጽዳት የትምህርት ማስረጃ አይጠይቁም። ሊድያን አደራ። ሳልሰናበታት የምሄደው ጨክኜ አይደለም፤ ካየኋት አልሄድም።

ልጅዎ የትናየት


ጃናሞራ
በፋሲካው ሳምንት

ልጄ የትናየት፤

በእሳትም በውኃም ያለፈውን ሕዝብ ወደ ዕረፍት ያወጣ አምላክ አንቺንም ያውጣሽ። ደብዳቤሽ የደረሰኝ ለቅዳሜ ሹር ነው። በዓሉን ላለማደፍረስ ለናትሽ ያነበብኩላት ዛሬ ነው። እሷ ግን ከፊቴ ላይ አንብባው ነበር መሰለኝ፣ አላለቀሰችም።

«በርቺ፣ ከኋላሽ ነኝ» ያልኩሽን ምን ማለቴ እንደነበር አልነገርኩሽም። ልንገርሽ። የሆሣዕና ዕለት ቅዳሴ አልቆ፣ ሰዉ ዘንባባውን ይዞ ሳይበተን፣ ከደጀ ሰላሙ ቆምኩ። «ስሙኝ። የትናየትን ክሷን እንድትተው ያስገደድኳት እኔ ነኝ። ነገ ፍርድ ቤት የምትምለው እውነት ነው። ዋሸች የሚል ቢኖር መጥቶ እኔን ይጠይቅ» አልኩ። አንቺ ብቻሽን እንዳትምይ ብዬ ነው። ቃልሽ በአገርሽ ሰው ዘንድ እውነት እንዲሆንልሽ ብዬ ነው። ቄስ ሃብተ ጊዮርጊስ መሬት መሬት አዩ። የሺዋስ ጋቢውን ተከናንቦ ሄደ።

ለረቡዕ ደግሞ እነዚያ አግዳሚው ላይ የነበሩት ሰዎች ከደባርቅ ተመለሱ። ያልሽውን ሳይጨምሩ ሳይቀንሱ አወሩት። አሁን ሰዉ ሁለት ነገር ይላል። ግማሹ «ሰጠኝ ልጁን የሚያስገድድ ሰው ነው» ይላል፤ ግማሹ «ሰጠኝ በቤተ ክርስቲያን ደጅ የሚዋሽ ሰው ነው» ይላል። ሁለቱም ሽማግሌ አይሆኑም። ከፋሲካ በኋላ የማስታርቃቸው ሁለት ወገኖች ነበሩ፤ ሌላ ሰው ይዘዋል። በደጄ ሲያልፉ ሰላም ይሉኛል፣ እኔም እመልሳለሁ።

መጀመሪያ ተቆጥቼሽ ነበር። ደብዳቤሽን ይዤ ከበረቱ ጀርባ ተቀምጬ ጮክ ብዬ ሰደብኩሽ። «ደስ ነው ያለኝ» ያልሽው ላይ ስደርስ ስድቡ አለቀብኝ። ያን ያህል መድከምሽን አላወቅሁም ነበር። ከክስ ላሳርፍሽ ሽማግሌ ከመላኬ በፊት እኔው ራሴ ሄጄ «ደከመሽ ወይ» ብዬ ብጠይቅሽ ኖሮ አብረን አንድ ነገር እናስብ ነበር። ደንቡ አባት አይገባበትም ይላልና አልመጣሁም። ይህ ይቆጨኛል፤ ሌላውን እንኳ እችለዋለሁ።

ሊድያን አደራ ብለሻል። አደራ የሚቀበል ሰው ዕድሜ ያስፈልገዋል፤ እኔና እናትሽ ያለንን አንቺ ታውቂዋለሽ። እዚህ ያለው ይበቃናል ብዬ አልዋሽሽም፣ አይበቃንም። እዚህ ያንቺ ዲግሪ የሚገባበት ሥራም የለም። ያለው ሁለት ሥራ ፈት ነው፤ አንቺ ከመሬት ልኬታው፣ እኔ ከሽምግልናው። አብረን ስንሆን ምን እንደምንሠራ እንመክራለን።

ወደ አረብ አገር እንዳትሄጂ ሽማግሌ ልልክብሽ አስቤ ነበር። ደጅ ለደጅ ዞርኩ። የሚሄድልኝ ሰው አላገኘሁም። ስለዚህ ራሴው እጽፍልሻለሁ። ነይ። አላስገድድሽም።

አባትሽ ሰጠኝ